ሽማግሌዎቹ የቀሩበት እሁድ

በግ ታርዶ እንግዳ የቀረበት ቤት ምን እንደሚመስል የደረሰበት ያውቀዋል። ምግቡ ይበስላል፤ የሰው አፍ ግን እየደረቀ ይሄዳል። ጅማ፣ ቦሳ አዲስ ሰፈር ያለው የሐጂ ሙሐመድሳኒ ቤት ያን እሁድ እንዲያ ሆኖ ዋለ። ምንጣፉ ተራግፎ ተነጥፏል። ባለሦስት እግር ባርጩማዎች በግድግዳው ዙሪያ ተደርድረዋል። ሩዙ ከነሥጋው፣ የገብስ ጩኮው ከነቅቤው ተሰናድቶ ተከድኗል። ሐጂ ነጭ ጀለቢያቸውን ለብሰው፣ ኮፍያቸውን አስተካክለው፣ ከረፋዱ ጀምሮ የውጭውን በር ያያሉ። የሚጠበቁት ልጃቸውን ፈድሊያን ለሙስዓብ ሊጠይቁ ከየቡ የሚመጡት ሽማግሌዎች ናቸው።

ፈድሊያ ጓዳ፣ ከመጋረጃው ኋላ ነበረች። የምትጠየቅ ልጅ በእንዲህ ያለ ቀን ሳሎን ብቅ አትልም፤ ጆሮዋ ግን ሳሎን ውስጥ ነው። የአባቷን እርምጃ ትሰማለች። እስከ በሩ ይሄዳሉ፣ ይቆማሉ፣ ይመለሳሉ። ሲመለሱ ጉሮሯቸውን ይጠርጋሉ። የሱቃቸው ሠራተኞች ሁሉ ያችን ጉሮሮ መጥረግ ያውቋታል፤ ከእሷ ቀጥሎ የሚመጣው ነገር ደግ ሆኖ አያውቅም።

«መንገዱ ይሆናል ያቆያቸው» አለች አክስቷ ፋሪዳ፣ የሐጂ ታናሽ እህት።

«ከየቡ ጅማ ነው እኮ ፋሪዳ። ከመካ አይደለም።»

የዙህር አዛን አለፈ። የአስርም አለፈ። ጎረቤቶች በአጥሩ ላይ አንገታቸውን እያሰገጉ «አልመጡም እንዴ?» ይላሉ። አዝነው ይሁን ደስ ብሏቸው አይለይም። በመጨረሻ ሐጂ ኮፍያቸውን አውልቀው ጉልበታቸው ላይ አስቀመጡት።

«ምግቡን ለጎረቤት አድሉት» አሉ። «ሂርማታ ገበያ ስነግድ ይህን ያህል ዘመን፣ ቀጠሮዬን የረገጠ ሰው አልነበረም። የገዛ ሱቄ ልጅ ረገጠው።»

ድምፃቸውን ከፍ አላደረጉም። ፈድሊያን ያስፈራት እሱ ነው።

ስልኳ እጇ ውስጥ ነዘረ። መልእክቱ አጭር ነበር። «ፈድሊያ፣ አውፍ በይኝ። ሽማግሌዎቹን ያስቀረኋቸው እኔ ነኝ። አትጠብቂኝ።» ደወለች። ስልኩ ዝግ ነው። እንደገና ደወለች። የተዘጋ ስልክ ስንቴ ቢደወልለት የሚለው አንድ ነው፤ እሷ ግን ሌላ ነገር ይል እንደሆን ብላ ደጋግማ ሰማችው። ከዚያ የለበሰችውን አዲስ ቀሚስ አውልቃ አጣጠፈች። ጨርቁን የመረጠላት እሱ ነበር። ልታለቅስ ፈለገች፤ እንባው ግን እምቢ አላት።

*

ሙስዓብ ሂርማታ ገበያ ወዳለው የሐጂ ጨርቃ ጨርቅ ሱቅ የመጣው የትምህርት ቤት ደብተር ይዞ ነው። አባቱ የሞተበት፣ እናቱ የቡ ላይ በአንዲት ትንሽ የቡና ማሳ የምታሳድገው ልጅ ነበር። ጠዋት ይማራል፣ ከሰዓት ጣቃ ይሸከማል። ጎረመሰ፣ ትምህርቱንም ጨረሰ፤ ከሱቁ ግን አልወጣም። ሰው ሁሉ ለሐጂ ታማኝ ስለሆነ ይመስለው ነበር። በሱቁ ጥግ ስፌት መኪናዋ ላይ የምትውለው የሐጂ ልጅ ብቻ ሌላ ምክንያት እንዳለው ታውቃለች።

አንድ ጠባይ ነበረው። ጨርቅ ከመቁረጡ በፊት ጣቃውን ይዘረጋና ጉድለቱን ራሱ ያሳያል። «እዚህ ጋ ክር ስታለች፣ እዩአት። እዚህ ደግሞ ቀለሙ ትንሽ ሸሽቷል።» ደንበኛው አይቶ «ቁረጥልኝ» ካለ፣ ያኔ መቀሱን ያነሳል። ሐጂ መጀመሪያ ተቆጡ። «አንተ ልጅ፣ ልትሸጥልኝ ነው ልታከስረኝ?» ብለውትም ነበር። በኋላ ገበሬው ሁሉ ያ ልጅ ካልሆነ አይቁረጥልኝ ማለት ሲጀምር ዝም አሉ።

ፈድሊያንም ያሸነፋት በዚሁ ነው። አንድ ቀን ሱቁ ጭር ሲል መጥቶ ስፌት መኪናዋ አጠገብ ቆመ።

«ድሃ ነኝ» አላት። «ቶሎ እቆጣለሁ። ስተኛ አንኮራፋለሁ። እናቴንም የትም ትቻት አልኖርም።»

«ይህን ሁሉ ምን አስቆጠረህ?»

«ጨርቁን መዘርጋቴ ነው» አለ፣ እጁ ላይ ያለውን መቀስ እያየ።

ፈድሊያ መርፌዋን ጨርቁ ላይ ሰካች። «ቁረጥልኝ» አለችው። ከዚያ በኋላ ቀኑን ሙሉ ሁለቱም ቀና ብሎ መተያየት አቃታቸው።

ሽማግሌ ተላከ። የሙስዓብ አጎት ሙሐዲን አባጊሳ ሁለት ሰው አስከትለው ከየቡ መጡ። ሐጂ ነገሩን ቢውጡትም ቢተፉትም አስቸገራቸው። ልጃቸውን ለነጋዴ ልጅ አስበዋት ነበር፤ ለተቀጣሪያቸው መስጠት ደግሞ ሰው ምን ይላል። ስለዚህ እምቢም እሺም አላሉም።

«ልጁን ለዕቃ ድሬዳዋ ልልከው ነው» አሉ። «ሲመለስ በቀጠርኳችሁ እሁድ ኑ። ያኔ አንዲት ነገር እጠይቃችኋለሁ። ልጃችሁ ጤነኛ መሆኑን በአላህ ፊት ትመሰክራላችሁ። እሷን ሳትመልሱ እዚህ ቤት አትቀመጡም።»

ጥያቄዋ የመጣችው በፋሪዳ ምክንያት ነው። ፋሪዳ በልጅነቷ ሊሙ ገነት ስትዳር ሽማግሌዎቹ «ጤነኛ ነው» ብለው ምለው ነበር። ሰውየው ግን የቆየ በሽታ ነበረበትና ዓመት ሳይሞላ ቀበረችው። ወንድሟ ቤት ተመለሰች፤ እናቷ የሞተችባትን ፈድሊያን አሳደገች፤ ሌላ ባል አላገባችም። ከዚያ ወዲህ ለዘመድ ልጅ ሽማግሌ በመጣ ቁጥር ሐጂ ከሁሉ አስቀድመው የሚጠይቁት ጤናን ነው።

ሙስዓብ ከድሬዳዋ የተመለሰው በትኩሳት እየነደደ ነበር። ጅማ ላይ ያተኮሰው ሰው ሁሉ ወባ ይዞታል ነው የሚባለው፤ እሱም ወባ ተባለ። ዓይኑን ከኋላ በኩል ያመዋል፣ መገጣጠሚያው ሁሉ ይቆረጣጥመዋል። የደም ምርመራው ወባ የለም ቢልም የሰማው አልነበረም። ትኩሳቱ ሲለቀው «አልሐምዱሊላህ» ብሎ ሱቅ ገባ። ወቅቱ የቡና ለቀማ ነው፤ ገበሬው ቡናውን ሸጦ ልብስ የሚገዛበት ስለሆነ ሱቁ መቆሚያ የለውም። አንድ ረፋድ ላይ ሙስዓብ ከላይኛው መደርደሪያ ጣቃ አወረደ፣ ጥቂት ተራመደና ጨርቁን እንደታቀፈ መሬት ላይ ተቀመጠ። ግንባሩን ላብ አጥምቆት ነበር።

«ጣቃ የከበደው ሰው ትዳር እንዴት ሊሸከም ነው?» አሉ ሐጂ፣ ደንበኛ ሁሉ እየሰማ።

ሰዉ ሳቀ። ሙስዓብ ቀና ብሎ ያየው ግን ሐጂን አልነበረም፤ ፈድሊያን ነው። እሷ ደግሞ ፊቷ እንደ በርበሬ ቀልቶ ዓይኗን ወደ መርፌዋ መለሰች። በማግስቱ ሙስዓብ እናቴን በቡና ለቀማው ላግዝ ብሎ የቡ ሄደ። ከዚያ ወዲህ አልተያዩም። አሁን ፈድሊያን የሚቆጠቁጣት ያ የመለሰችው ዓይን ነው።

*

«የቡ እሄዳለሁ» አለች ከእሁዱ በኋላ አንድ ጠዋት፣ አባቷ ወደ ሱቅ እንደወጡ።

«ብቻሽን?» አለች ፋሪዳ።

«ብቻዬን።»

«ሴት ልጅ ትቷት የሄደውን ሰው ቤቱ ድረስ ስትፈልገው ሰው ምን ይላል?»

«ያለውን ይበል። እሱ ግን በአፉ ይንገረኝ። በስልክ ፊደል አልቀበልም።»

ፋሪዳ ትንሽ አሰበችና ሻርፏን ከሚስማሩ ላይ አወረደች። «እንግዲያው ሰው ሁለቱም አብደዋል ይበል» አለች።

የቡ ሲደርሱ ከተማው ሁሉ ቡና አስጥቶ ነበር። ቀዩ እሸት ቡና በየደጁ በእንጨት ቆጥ ላይ ተዘርግቷል። የሙስዓብ እናት ገና ከሩቅ ሲያዩዋቸው እጃቸውን በቀሚሳቸው ጠርገው ተቀበሏቸው።

«አካም ጂርቱ፣ ኮቱ ኢንታለ ኮ፣ ነይ ልጄ፣ ግቡ» አሉ። ቀጥለውም ማንም ሳይጠይቃቸው «ከዛፉ ሥር ነው» አሉ።

ሙስዓብ ከአቮካዶው ሥር ተቀምጦ ከቆጡ ላይ የተበላሸውን ቡና አንድ በአንድ ይለቅማል። ጋቢ ደርቧል። ጉንጩ ገብቷል። ፈድሊያን ሲያያት ብድግ አለ፣ ከዚያ ቆጡን ተደግፎ ትንፋሹ እስኪመለስ ቆመ። ፈድሊያ መንገዱን ሙሉ ስታሰናዳ የመጣችው ንግግር ሁሉ ጠፋባት።

«ለምን መጣሽ?» አላት።

«ሽማግሌ ስላልመጣ።»

«መልእክቴ አልደረሰሽም?»

«እሱ ደርሶኛል። ምክንያቱ ግን አልደረሰኝም።»

ሙስዓብ ወደ ቡናው ተመለሰ። አንዲት የነቀዘች ፍሬ አንስቶ በጣቱ ያሻት ጀመር። እናቱ አላስቻላቸውም።

«ሜ፣ በል ንገራት» አሉ። «አንተ ካልነገርካት እኔ እነግራታለሁ። ታሞ ሆስፒታል ተኝቶ ነበር፣ ልጄ። ልቡን አሉት። ለማንም አትንገሪ ብሎ አስምሎኝ ነው እንጂ።»

ፋሪዳ ለፈድሊያ ባርጩማ ገፋ አደረገችላት፤ እሷ ግን አልተቀመጠችም። ሙስዓብ ፍሬዋን ጣላት።

«ድሬዳዋ የያዘኝ ወባ አልነበረም» አለ። «ደንጊ የሚሉት ነው። ቀን የምትነክስ ትንኝ ናት የምታመጣው። ብዙውን ሰው አንገላታ ትተዋለች። እኔን ግን ትኩሳቱ ለቀቀኝ ስል ልቤ ላይ ቀረ። የልቤ ጡንቻ ተቆጥቷል፤ ደም መግፋት ደክሞታል ነው ያሉኝ። ያን ቀን ሱቅ ውስጥ የተቀመጥኩት ለዚያ ነበር።»

«እናቴን ላግዝ ያልከውስ?»

«ውሸት ነው። የዋሸሁሽ ያችን አንዲት ነገር ብቻ ነው።»

«ትድናለህ?»

«ብዙው ሰው ይድናል አለች ሐኪሟ። ብዙው ነው ያለችው ፈድሊያ፤ ሁሉም አላለችም። ዕቃ አታንሳ፣ ዳገት አትውጣ፣ እረፍ ብላ ለምርመራ ቀጥራኛለች። ልቤ አንዳንዴ ያለ ምክንያት ይሮጣል። ተቀምጬም ይሮጣል።»

«ታዲያ ሽማግሌዎቹን ምን አስቀራቸው?»

«አባትሽ የሚጠይቁትን ታውቂዋለሽ አይደል? አጎቴን በዚያ ዕድሜው በአላህ ፊት ጤነኛ ነው ብሎ ይማልልኝ? አላስምለውም። ታሟል ብሎ ቢመሰክር ደግሞ አባትሽ ፋሪዳን እያሰቡ ያባርሩታል፤ አንቺም ከአባትሽ ትጣያለሽ። እና ባልድንስ? በዚህ ዕድሜሽ ባል ቀባሪ ላድርግሽ?» ድምፁ ዝቅ አለ። «ብትጠዪኝ ይሻላል አልኩ። ጥላቻ ቶሎ ይሽራል።»

ፈድሊያ ወደ እሱ ተጠጋች።

«ሙስዓብ፣ ጉድለት ያለበት ጣቃ ስታገኝ ምን ታደርጋለህ? ትጥለዋለህ?»

«አልጥለውም።»

«ትደብቀዋለህ?»

«ታውቂያለሽ፣ አልደብቅም።»

«ትዘረጋዋለህ። ታሳያለህ። ከዚያ ገዢው ራሱ እስኪወስን አፍህን ትዘጋለህ። ስሙን እንኳ ለማታውቀው ገበሬ ይህን ታደርጋለህ። ለእኔ ግን ሳትዘረጋው ሱቁን ዘጋህብኝ። እኔ መጋረጃ ኋላ ቆሜ ምን በድዬው ነው እያልኩ ነበር። ፊቴን ስለመለስኩበት ነው እያልኩ ነበር።»

ሙስዓብ ለመጀመሪያ ጊዜ ቀጥ ብሎ አያት። «እኔም አፈረችብኝ ብዬ ነበር» አለ።

«ያፈርኩት በአባቴ ነው። በአንተ አፍሬ አላውቅም።»

ፋሪዳ ፊቷን ወደ ቡናው አዙራ ቆማ ነበር፤ ለቀማ የምትረዳ ትመስላለች፣ የምታነሳው ግን የተበላሸውንም ደህናውንም ነው።

«እሺ» አለ ሙስዓብ በመጨረሻ። «ይኸው ተዘረጋ። ምን ትያለሽ?»

«ለአንተ አልነግርህም» አለችው። «ሽማግሌ ላክ። ለሽማግሌዎችህ እነግራቸዋለሁ።»

ሳቀ። ከሳ እንጂ ሳቁ ያው ነበር። ፈድሊያ ወደ ጅማ ስትመለስ ያንን ሳቅ ይዛ ተመለሰች፤ ፍርሃቷ ግን አልቀረም፣ አብሯት ሚኒባስ ተሳፍሯል።

*

ለአባቷ የነገረቻቸው ከአስር ሶላት በኋላ፣ ሰጋጃቸውን ሳያጥፉ ነው። ሁሉንም ነገረቻቸው። ሐጂ መቁጠሪያቸውን እያንከባለሉ ሰሟት።

«ድሬዳዋ ነው የያዘው ያሉሽ?» አሉ።

«አዎ፣ አባ።»

ጉሮሯቸውን ጠረጉ። ፈድሊያ የሚከተለውን ጠበቀች፤ ምንም አልተከተለም። ሰጋጃቸውን አጣጥፈው ከተነሱ በኋላ ብቻ «ሽማግሌዎቹ ከመጡ ይምጡ» አሉ። «ጥያቄዬን ግን አልለውጥም። እህቴን አንድ ጊዜ ከነሕይወቷ ቀብሬያታለሁ፤ ልጄን አልቀብርም።»

የምርመራው ቀን ፈድሊያና ፋሪዳ ከሙስዓብ ጋር ሆስፒታል ሄዱ። ዶክተር ሩሐማ ወጣት ናት፤ ስትናገር ሰውን ዓይን ዓይኑን ታየዋለች። ሙስዓብን አስተኝታ በመሣሪያው ስክሪን ላይ ልቡን ለፈድሊያም አሳየቻት። ግራጫ ነገር ይከፈታል፣ ይዘጋል። ፈድሊያ ዓይኗን መንቀል አቃታት። ያችን የምታህል ነገር አንድ ሙሉ ሰው ተሸክማ እንዴት ትኖራለች?

«ካለፈው በጣም ይሻላል» አለች ሐኪሟ። «ጥሩ እየገፋ ነው። ሙሉ ግን አልሆነም። ለሚቀጥሉት ወራት ሸክም የለም፣ ሩጫ የለም። ትንፋሽ ቢያጥርህ፣ ደረትህን ቢያምህ ወይም ራስህን ሊያስትህ ቢል ነገ አትበል፣ ወዲያው ና። እንዳካሄድህ ከሆነ ትድናለህ ብዬ አምናለሁ።»

«በእርግጠኝነት?» አለ ሙስዓብ።

«በእርግጠኝነት የምለው የሚሻልህ መሆኑን ነው። የነገውን እኔም አብሬህ ነው የማየው።»

ፋሪዳ ጉዳይዋን ይዛ ነው የመጣችው። «ዶክተር፣ ሕመሙ ከጋብቻስ ይከለክለዋል?»

ዶክተር ሩሐማ ሁለቱን ልጆች አየች፤ ሁለቱም ወለሉን ያያሉ። «ጋብቻ አልከለክልም» አለች። «ጭፈራውን ግን ለእንግዶቹ ይተውላቸው።»

*

ሽማግሌዎቹ በእሁድ መጡ። በዚህኛው ቀን በግ አልታረደም፤ ሐጂ «አንድ ጊዜ የተሳቀብኝ ይበቃል» ብለው ነበር። ጩኮ ብቻ ተሰናዳ። ሙሐዲን አባጊሳ ከሁለት ሰዎች ጋር ከበሩ ውስጥ ቆሙ። ከዘራቸውን በሁለት እጃቸው ይዘዋል። ባርጩማዎቹ ባዶ ናቸው።

«አሰላሙ አለይኩም፣ ሐጂ። ባለፈው የቀረነው በድፍረት አይደለም። አውፍ በሉን።»

«ወአለይኩም ሰላም። ጥያቄዬን ታውቋታላችሁ» አሉ ሐጂ። «ልጃችሁ ጤነኛ ነው?»

ፈድሊያ መጋረጃውን ጨበጠች። አባቷ እምቢ ካሉ እምቢታቸው እምቢታ ነው። ከእሳቸው ተጣልታ ሙስዓብን ላግባህ ብትለው፣ እሱ ራሱ አይቀበላትም። ሁሉ ነገር በእኚህ ሽማግሌ አፍ ላይ ቆሟል።

«ጤነኛ አይደለም» አሉ ሙሐዲን። «ደንጊ ይዞት ልቡ ተቆጥቷል። ሐኪም እየዳነ ነው ብላለች፤ ፈጽሞ ድኗል አላለችም። ለብዙ ጊዜ ከባድ ነገር አያነሳም። ወላሂ፣ ከዚህ የበለጠ ብነግራችሁ ውሸት ነው፣ ያነሰም ብነግራችሁ ውሸት ነው። ስለ ጠባዩ ከጠየቃችሁኝ ግን፣ እኔ ውሸት እንዳልምል ብሎ የሚወዳትን ሊተው ነበር።»

ፋሪዳ ፈድሊያን በትከሻዋ ገፋ አድርጋ አለፈችና መጋረጃውን ገልጣ ሳሎን ገባች። በሽማግሌ መሃል ሴት ገብታ ስትናገር በዚያ ቤት ታይቶ አይታወቅም።

«ወንድሜ» አለች። «ይህችን ጥያቄ በእኔ ስም ነው የምትጠይቃት። መልሱን ግን አንድም ቀን ከእኔ አልጠየቅህም።»

«ፋሪዳ፣ ተይ» አሉ ሐጂ።

«አልተውም። ያን ሰው ወድጄው ነበር። ሲያስለው ብርድ ነው ይለኛል። ሲደክመው ሰነፍክ እለዋለሁ። ሰው ፊት ሁሉ እለዋለሁ። ሰነፍክ እያልኩት ሞተ። መሞቱ አልጎዳኝም ብዬ አልዋሽም፤ እስከ ዛሬ የሚበላኝ ግን አለማወቄ ነው። ቢነግረኝ ኖሮ አስታምመው ነበር። ወሩም ቢሆን፣ ሳምንቱም ቢሆን የእኔ ይሆን ነበር። ይህ ልጅ ግን ነግሮናል። እኔ ያላገኘሁትን እሷ አግኝታለች። አትንጠቃት።»

ሐጂ መሬት መሬቱን አዩ። ፈድሊያ በመጋረጃው ስንጥቅ የአባቷን ጆሮ ብቻ ነው የምታየው፤ ጆሯቸው ቀላ።

«እኔም ሰነፍክ ብዬዋለሁ» አሉ በዝግታ። «ጣቃ ከበደህ ብዬ ሰው አስቄበታለሁ። ድሬዳዋም የላክሁት እኔ ነኝ። ከልጄ ፊት ላርቀው ነበር የላክሁት፣ አላህ ያውቃል።» ቀና አሉ። «ፈድሊያ።»

«አቤት፣ አባ።»

«ሰምተሻል?»

«ሰምቻለሁ።»

«ሁሉንም?»

«ሁሉንም ቀድሞ አሳይቶኛል።»

«ምን ትያለሽ?»

ድንግል ልጅ ስትጠየቅ ዝም ካለች እሺ እንዳለች ይቆጠርላታል። እናቶቻችን ሁሉ በዝምታ ነው የተዳሩት። ፈድሊያ ግን ዝምታዋን ሌላ ሰው እንዲተረጉምላት አልፈለገችም።

«ይቆረጥልኝ» አለች።

ሽማግሌዎቹ እርስ በርስ ተያዩ። ሐጂ ግን ዕድሜ ልካቸውን ጨርቅ የሸጡ ሰው ናቸው። ቃሏ ገባቸው። በእጃቸው ባርጩማዎቹን አመለከቱ።

«ተቀመጡ» አሉ።

ሙሐዲን ከዘራቸውን ግድግዳው ላይ አስደግፈው «አልሐምዱሊላህ» እያሉ ዝቅ አሉ። ሽማግሌዎቹ ከተቀመጡ በኋላም ሐጂ እንደቆሙ ነበሩ።

«ልጁስ የት ነው?»

«ከአስፋልቱ ዳር ባጃጅ ውስጥ ነው። ወጉ ስለማይፈቅድ አልገባም፤ እቤትህ ሁን ብለው ደግሞ እምቢ አለኝ።»

«በዚህ ፀሐይ?» አሉ ሐጂ። ኮፍያቸውን አድርገው ወጡ።

ፈድሊያ ወደ መስኮቱ ሮጠች። አባቷ በዚያኛው እሁድ ሲመላለሱበት የዋሉትን በር አልፈው ቁልቁል ወረዱ። ባጃጁ አጠገብ ጎንበስ ብለው የሆነ ነገር ተናገሩ፤ ምን እንዳሉ አይሰማም። ሙስዓብ ወረደ። እጃቸውን ሊስም ጎንበስ ሲል ሐጂ ትከሻውን ይዘው ቀና አደረጉት። ከዚያ ሁለቱ ሽቅብ መራመድ ጀመሩ።

ከአስፋልቱ እስከ ቤቱ ያለው ዳገት ለጤነኛ ሰው ዳገት አይባልም። ሐጂ በየቀኑ እየተቻኮሉ ይወጡታል። መሃል ላይ ሲደርሱ ሙስዓብ ቆመ። ሐጂም ቆሙ። የልጁን ፊት አላዩም፤ አጥሩን እያዩ፣ ኮፍያቸውን አውልቀው እያራገፉ፣ ራሳቸው የደከማቸው መስለው ቆሙ። ሙስዓብ ትንፋሹ ሲመለስ ኮፍያቸውን አደረጉና በእሱ እርምጃ አብረውት ወጡ።

በዚያኛው እሁድ እምቢ ያላት እንባ አሁን መጣላት። ፈድሊያ አላበሰችውም። መጋረጃውን ገለጠችና በሩን ልትከፍትላቸው ሄደች።